ጎብነት በዚያ መርከብ አትሳፈርም

ለምወድሽም ለምፈራሽም ታላቅ እህቴ፣ ለእትዬ ሺላ፤

እንደምን ከርመሻል? የዘንድሮው ብርድ እንዴት አደረጋችሁ? የባልሽ የጄረማያ ሳል ለቀቀው ወይስ አሁንም ሌሊት ሌሊት ዶሮዎቹን ይቀሰቅሳል? የጉልበትሽ ቁርጥማትስ? ልጅሽ ፊኒን ጢም አበቀለ ብለሽ ነበር፤ እኔ አላምንም፤ ጥቀርሻ እንዳይሆን ፊቱን አሳጥቢልኝ። እኔ ተመስገን ደህና ነኝ። እዚህ አሜሪካ ከሰል ሳመላልስ ስለምውል ሽበቴ አይታይም፤ የማረጀው እሑድ ስታጠብ ብቻ ነው። ልጅሽ ጎብነትም ደህና ናት። እንዲያውም ከሚገባው በላይ ደህና ናት፤ የዛሬው ጣጣ የመጣውም ከዚሁ ነው።

የገና ደብዳቤሽ ደርሶናል። ጄረማያና የዴኒስ ኮተር አባት በአንድ ጠርሙስ ውስኪ ላይ ተጨባብጠው ጎብነት ለዴኒስ ተሰጥታለች፤ ሁለቱ እርሻዎች አንድ ይሆናሉ፤ ከፋሲካ በኋላ በሚነሣው መርከብ ላካት ብለሻል። እትዬ፣ ዙሪያ ጥምጥም ሳልሄድ ልንገርሽ፤ አትመጣም። አሁን ተቀመጪ፤ ደብዳቤውንም ወደ ምድጃው አትወርውሪው። ፊኒን፣ አንተም እየዘለልክ አታንብብላት።

ልጅሽ ቀን ቀን ስፌት ፋብሪካ ውላ፣ ማታ የወጥ ቤቱን ጠረጴዛ ትወርሰኛለች። ስለ ሠፈራችን ትጽፋለች፤ ስለ ክርስትናው ድግስ፣ ስለ ደባሎቹ ጠብ። የእኛ ሰዎች ሳምንታዊ ጋዜጣ ጥቂቱን አትሞላት፣ ሰው እየቆረጠ ግድግዳው ላይ ለጥፎታል። ታዲያ ቅበላ ሲደርስ «አጎቴ፣ እዚህ እኮ የአገራችንን የስኬሊግ ግጥም የሚጽፍ ጠፋ» አለችኝ። የዚያ የባሕር ቋጥኝ መነኮሳት ጾሙን ከእኛ ዘግይተው ይይዙ ነበር ይባል የለ? እኛም ሳያገባ ቅበላ ያለፈበትን ሁሉ ሁለት ሁለቱን እያጣመርን፣ ጀልባ ተሳፈሩና እዚያ ሄዳችሁ ተጋቡ እያልን በግጥም ስንሰድብ እናድር ነበር። ያንቺ ስም ከመላጣው ልብስ ሰፊ ጋር የወጣ ጊዜ ሁለት እሑድ ቅዳሴ መቅረትሽን እኔ አልረሳሁም። እንግዲህ እኔ በእሳት ላይ ጭድ ካልጨመርኩ እንቅልፍ አይወስደኝም፤ «ጻፊ፤ ማንንም እንዳትምሪ» አልኳት።

እሑድ ከቅዳሴ መልስ ጎረቤቱ እንደ ልማዱ ወጥ ቤታችን ተሰብስቦ፣ እኔ ግጥሞቿ የወጡበትን ጋዜጣ ጮክ ብዬ አነብባለሁ። የዴኒስ አክስት ወይዘሮ ኮተርም ሻያቸውን ይዘው ምድጃው አጠገብ ተቀምጠዋል። የመጀመሪያዎቹ ግጥሞች ቤቱን በሳቅ አናጉት። ቀጥሎ የማን ስም ቢወጣ ጥሩ ነው? የእኔ! ከጎረቤታችን ከወይዘሪት ቱሂ ጋር አጣምራኝ፣ ሁለታችን ከተሳፈርን ጀልባዋ ከወደብ ሳትወጣ ትሰጥማለች ትላለች። ወይዘሪት ቱሂ ከፊት ለፊቴ ሆና «ለመሆኑ ባት፣ ዋና ትችላለህ?» አለችኝ። እኔም ጋዜጣውን ከፍ አድርጌ ፊቴን ሸፈንኩ።

ወደሚቀጥለው ስወርድ የዴኒስን ስም አየሁና ጋዜጣውን ማጠፍ ጀመርኩ። ወይዘሮ ኮተር «ምነው ዋጥከው? ቀጥል እንጂ» አሉ። እኔም ስለ አንድ ቄስና ስለ ሰባት ፍየሎች የሆነ ነገር ፈጥሬ ዘባረቅሁ። «ይሄ ቤት አይመታም። ከኪስህ አትፍጠር፤ የተጻፈውን አንብብ» አሉኝ። ይኼኔ ጎብነት ሳህን ስታጥብ የራሰ እጇን በቀሚሷ አድርቃ፣ ጋዜጣውን ከእጄ ወስዳ ራሷ አነበበችው፤

ዴኒስ ሆይ ቅዘፍ፣ ቋጥኙ ሳይርቅህ፤
ሙሽራ ሞልቷል የሚጠባበቅህ።
ጎብነትን ተዋት፣ ሌላ ወድዳለች፤
ብዕር የሚሉትን ያለሽማግሌ አግብታለች።

ወይዘሮ ኮተር ተነሡ። «የወንድሜ ልጅ ምን ጎደለው? መሬት አለው፣ ላሞች አሉት፣ መጠጥ አይቀምስም!»

«ምንም አልጎደለውም እትዬ። ስለዚህ የምትወደው ሚስት ይገባዋል» አለች።

«እናትሽ እኮ ቃል ሰጥታለች!»

«እናቴ የሰጠችው የራሷን ቃል ነው። የእኔን የጠየቀኝ የለም» አለቻቸው። ሴትዮዋ በሩን በላያችን ወርውረው ወጡ። ደብዳቤያቸው ከእኔው ቀድሞ ይደርስ ይሆናል።

ሰው ሲበተን ቀልዱን ትቼ አስቀመጥኳት። አንቺን፣ እርሻውን፣ የአባቷን ፊት አስታወስኳት። ሁሉንም ሰማችኝና «አጎቴ፣ ብሄድ ደህና ሚስት ይወጣኝ ይሆናል። ግን በየቀኑ የማየውን ለማን እነግረዋለሁ? ለላሞቹ?» አለችኝ። ልስቅ ብዬ ፊቷን ሳየው ተውኩት። የጋዜጣው ሰውዬ ስምሽን አውጥቼ በየሳምንቱ አትምልሻለሁ ብሏታል። አልዋሽሽም፤ ፋብሪካውን አልተወችም፣ ምናልባትም አትተወውም። ግን ለመጻፍ ስትቀመጥ እኔ ጫማዬን አውልቄ ነው የምራመደው። እኔ ባት፣ በቀብር ላይ እንኳ ዝም የማልለው!

ስለዚህ እህቴ፣ መርከብ ላይ አልጭናትም፤ ሌላ ሰውም እንዲጭናት አልፈቅድም። ጄረማያ ራሱ ኮተሮች ቤት ሄዶ፣ ቃል ከገባለት ሰው ፊት ቆሞ ቃሉን ያንሣ፤ ነገ ዛሬ እያለ የሰው ልጅ አያስጠብቅ። እንደሚከብደው አውቃለሁ። ጥፋቱን እኔ ላይ ይጫነው፤ ልጅቷን ያበላሻት ያ አሜሪካ ያለው ዋልጌ አጎቷ ነው ይበል፤ ግማሹ እውነት ነው።

እሷም ልትጽፍልሽ ስንት ወረቀት ጀምራ እንደቀደደች ብታይ! ለዚህ ለዉስተር ሰው ሁሉ የማይሰንፍ እጅ ለእናቱ ሲሆን ይሰንፋል። ስለዚህ ስድብሽን ለእኔ ላኪው፤ ትከሻዬ ሸክም ለምዷል። ለእሷ ግን ምርቃትሽን ላኪላት። ያለ እሱም ትጽፍ ይሆናል፤ ነገር ግን ብዕሩ ይከብዳታል።

ጄረማያን፣ ቢቆጣም፣ ሰላም በይልኝ። የአማትሽን የእማማ ኤለንን እጅ ሳሚልኝ። ፊኒን ጉንጩን፣ ካለም ጢሙን። ዴኒስን መንገድ ላይ ስታገኚው ዐይንሽን አትስበሪ፤ ባት ደህና ሰው ነህ ብሎሃል በይው።

ወንድምሽ ባት ስካነል
ዉስተር፣ ማሳቹሴትስ፤ ማርች 11 ቀን 1889