በጉደር ቁልቁለት ስለተቃጠለችው መኪናዬ፣ ለመድን ኩባንያው ሥራ አስኪያጅ

ሀገረ ሕይወት (አምቦ)፣ ጥር ፲፱፻፶፰ ዓ.ም.

ለዓለም አቀፉ የመድንና የሀብት አስተዳደር ኩባንያ ክቡር ሥራ አስኪያጅ፤
አዲስ አበባ።

ክቡርነትዎ እንደምን ሰነበቱ? እኔ በኩባንያዎ ሳይሆን በእግዚአብሔር ጥበቃ ደኅና ነኝ። ለእርስዎም ጤና የምመኘው ከልቤ ነው፤ ቢታመሙ የትኛው ክፍልዎ እንደሚያስተናግድዎ ሳስበው እሰጋለሁና።

ከባኮ በቆሎ እያስጫንኩ የማመጣ ነጋዴ ነኝ። አምና ወኪልዎ አቶ እንግዳወርቅ ቤቴ ድረስ መጥተው የኩባንያዎን አደረጃጀት በሥዕል አሳዩኝ። ራሱ ባሕር ማዶ፣ ክንዱ ናይሮቢ፣ እግሩ አዲስ አበባ ነው። የሕይወት ክፍል፣ የእሳት ክፍል፣ የተሽከርካሪ ክፍል፣ በዚያ ላይ ሀብት የሚያስተዳድር ክፍል አለው። ለአንዲት አሮጌ የጭነት መኪናና ለሾፌሯ ይህን ያህል ሰው ሲያስብላቸው አይቼ ተደነቅሁና ፈረምኩ። አቤቱታዬን በአክብሮት እንደሚከተለው አቀርባለሁ።

፩ኛ. በመስከረም ወር ሾፌሬ ፈዬራ ቱፋ ከጌዶ ወደ ጉደር ሲወርድ ፍሬን እምቢ አለው። ከገበያ የሚመለሱ ሰዎችን ላለመግጨት መሪውን ወደ ገደሉ ጠመዘዘ። መኪናዋ ተገለበጠች፤ ወዲያው ተቀጣጠለች። በአቅራቢያው ያርሱ የነበሩ ኦቦ ባይሳ የተባሉ ገበሬ እጃቸው እየተለበለበ ፈዬራን ጎትተው አወጡት። ነፍሱ ተረፈች፤ አንድ እግሩ ግን ከጉልበቱ በታች ተቆረጠ። ኦቦ ባይሳ እሳቱ ውስጥ ከመግባታቸው በፊት ጉዳዩ የየትኛው ክፍል እንደሆነ አልጠየቁም። የገጠር ሰው ድንቁርና ነውና ይቅር ይበሏቸው።

፪ኛ. የተሽከርካሪ ክፍልዎ፣ መኪናዋ ስለተቃጠለች ጉዳዩ የእሳት ክፍል ነው ብሎ ጻፈልኝ። የእሳት ክፍልዎ ደግሞ፣ እኔ የምመለከተው ቤትና መጋዘን እንጂ የተገለበጠ ነገር አይደለም ብሎ መለሰልኝ። መኪናዬ ወይ ተገልብጣ ብቻ፣ ወይ ቆማ ተቃጥላ ቢሆን ኖሮ ይህን ሁሉ ባላስቸገረችዎ። አሳዳጊ የበደላት ናት።

፫ኛ. የሕይወት ክፍልዎ፣ ፈዬራ ስላልሞተ ሊረዳው እንደማይችል አስታወቀ። ስለ ግልጽነቱ አመሰግናለሁ። ፈዬራ ግን አላመነም፤ በክራንች ተደግፎ አዲስ አበባ ድረስ ወደ ቢሮዎ መጣ። ከመስኮት ወደ መስኮት ሲመላለስ ከዋለ በኋላ አንድ ጸሐፊዎ ቀና ሳይል፣ ጉዳይህ የየትኛው ክፍል ነው ብሎ ጠየቀው።

«ጌታዬ፣ እኔ አንድ ሰው ነኝ» አለ ፈዬራ። «የተገለበጥኩትም፣ የተቃጠልኩትም፣ እግሬን ያጣሁትም እኔው ነኝ።»

ጸሐፊው ይህን ሁሉ ባንድነት የሚቀበል ክፍል የለንም ብሎ ሸኘው። ፈዬራ ይህን ሲነግረኝ አንገቱን ደፍቶ ነበር። ክቡርነትዎ፣ ማፈር የነበረበት ሌላ ሰው ሳለ ያፈረው እሱ ነው። እኔን እስከ ዛሬ የሚያንገበግበኝ ከመኪናዬ ይልቅ ይኸው ነው።

፬ኛ. በዚያው ሰሞን የሀብት አስተዳደር ክፍልዎ ባማረ ወረቀት፣ ሀብቴን በአደራ እንድሰጠው ጋበዘኝ። ሀብቴ ጉደር ገደል ውስጥ ነው፤ ወርዶ ያስተዳድረው።

እኛ የመኪና ባለቤቶችና ሾፌሮች በበኩላችን ዕድር አቋቁመናል። ያለን አንድ ክፍል ብቻ ነው፤ እሱም የወይዘሮ አየለች ሳሎን። የዕድሩ ዳኛ ፈዬራ ነው። አደጋ ደረሰ ሲባል ማን እንደተጎዳና የት እንዳለ ብቻ ይጠይቃል፤ ከዚያ ሁላችንም እንነሣለን። በገና ማግሥት የጊንጪው ሾፌር ሙለታ ሲገለበጥ ሐኪም ቤት ያደረሰውም፣ ልጆቹን ያበላውም ይኸው ዕድር ነው። ትምህርቱን ስለሰጡን ለኩባንያዎ ምስጋናችን ወሰን የለውም።

ይህን ደብዳቤ የትኛው ክፍልዎ እንደሚያነበው ስላላወቅሁ፣ ሁሉም እንዲያነበው ግልባጩን ገበያው በር ላይ ለጥፌዋለሁ።

ለሥዕልዎ ውበት ከወገቧ ዝቅ ብላ እጅ የምትነሣው፣
ዘርፈሽ ወልደሰንበት

ማስታወሻ፦ ባለፈው እሑድ ወኪልዎ አቶ እንግዳወርቅ ሞተር ቢስክሌታቸውን በዕድራችን አስመዘገቡ። የራስዎ ኩባንያ እያለ ስለምን ወደ እኛ መጡ ብሎ ፈዬራ ቢጠይቃቸው፣ «የኩባንያውን አደረጃጀት ከእኔ በላይ የሚያውቅ የለም» አሉት።