ጋሽ አንለይ በር ላይ የተለጠፈው ወረቀት

ማክሰኞ፣ ኅዳር 10፣ ሞጣ

በሞጣ ከተማ እኔን የሚያህል አንባቢ የለም። እሺ፣ ከማታ ትምህርት ክፍላችን ማለቴ ነው፤ እሱም እትዬ ብርቄ ካልመጡ።

ዛሬ መናኸሪያው ፊት ለፊት ቆሜ መንገደኛውን ሳይ ዋልኩ። ሰዉ እንደ ወትሮው ይተራመሳል። ልብስ ሰፊው ጋሽ አንለይ ቤት አጠገብ ሲደርስ ግን ሁሉም መንገዱን ተሻግሮ ያልፋል። ጧት ግድግዳቸው ላይ ቀይ ምልክት ተቀብቷል፤ በራቸው ላይም ማኅተም ያለበት ወረቀት ተለጥፏል። ቀለሙ የሚጋባ ይመስል ሰላም የሚላቸው ጠፋ።

የስፌት መኪናቸውን እየረገጡ ጠሩኝ።

«አንተ አዲሱ ደብተራ! ይችን አንብብልኝ እስቲ።»

«ጋሼ፣ እኔ እኮ የጉንዳን ዱካም አነባለሁ!» ብዬ ተጠጋሁ።

ቤቱ ለመንገድ ስለሚፈለግ ይፈርሳል ይላል። ነገርኳቸው። እግራቸው ቆመ።

«መቼ ነው የሚለው?»

«ከገና በኋላ።»

«ተመስገን! እንግዲያ ለበዓሉ የታዘዝኩትን እጨርሳለሁ» አሉና መርገጣቸውን ቀጠሉ።

ለዚህ ደብተር እንኳ እውነቱን ልንገረው። ወረቀቱ ላይ ገና የሚል ቃል የለም፤ ከራሴ ነው ያመጣሁት። የሚለው «በሦስት ቀን ውስጥ ልቀቁ» ነው። የተጻፈበት ቀን ደግሞ ከትናንት ወዲያ፣ እሑድ ነው።