ትንሿ አውሮፕላን ተመልሳለች

ውድ ልጄ፣

የምትበሪበት ሰማይ ጥርት ይበልልሽ፤ የምትወርጂበትም ምድር በደህና ይቀበልሽ። እኛ ደህና ነን። የአባትሽ ሳል ቀለል ብሎለታል፤ የክፍልሽም መስኮት ተጠግኗል።

ትናንት የእህትሽ ልጅ መሳቢያሽን ስትበረብር ያንን በልጅነትሽ የምትወጂውን የካርቱን ፊልም ሲዲ አገኘችና አብረን አየነው። የጫካ እሳት የምታጠፋዋ ትንሽ አውሮፕላን ውሃዋን ተሸክማ ጭሱ ውስጥ ስትገባ፣ ያኔ ከአንቺ ጋር ሳይ እንደማደርገው ቴሌቪዥኑን ልዘጋ ተነሣሁ።

"አያቴ፣ አንቺ ፈሪ! ቁጭ በይ!" ብላ ሪሞቱን ነጠቀችኝ።

ስለዚህ መጨረሻውን ለመጀመሪያ ጊዜ አየሁት። አውሮፕላኗ ክንፏ ጠቁሮ፣ ግን በሰላም ተመለሰች።

አንቺን በሰባት ዓመትሽ "ተቃጥላ ቀረች" ብዬሽ ነበር። መጨረሻውን ሳላውቅ የዋሸሁሽ፣ አብራሪ እሆናለሁ ማለትሽን እንድትተዪ ነበር። ሦስት ቀን ሙሉ ማልቀስሽን አልረሳሁም። ዛሬ በሰው አገር በእውነተኛ እሳት ላይ ውሃ የምታፈሺው አንቺ ነሽ፤ እኔም በየቀኑ የምፈራው ያንኑ የገዛ ውሸቴን ነው። ይቅር በይኝ።

ፈጣሪ ሁልጊዜ ከጭሱ በላይ ያድርግሽ። ምክር አላበዛብሽም፤ ረጅም ደብዳቤም አልጠብቅም። ብቻ ከበረራ በወረድሽ ቁጥር፣ "ተመልሻለሁ" የምትል አንዲት ቃል ላኪልኝ።

እናትሽ