ሁከት ይወገድልን

ለእትዬ፣

እንዴት ሰነበትሽ? ጤናሽስ? ደህና ነኝ ብለሽ እንዳትሸውጂኝ፤ አንቺ ስትታመሚም ደህና ነኝ ነው የምትይው። እኛ አለን። ለባልሽ ሰላምታ ልጽፍ ስል እማዬ “እሱን ተዪው” አለችኝ። ለምን ብላት ወሬ ቀየረች። እሺ፣ ተውኩት።

ከሌላ ሰው ሳትሰሚው ልንገርሽ፤ አባዬ ተከሶ ነበር። ከወርክሾፑ ጎን ያለው የሰፈሩ መንገድ ትዝ ይልሻል አይደል? ድንገት ተነስቶ ግማሹን በቆርቆሮ አጠረና ክፍል መሥራት ጀመረ። ለእንጨት ማስቀመጫ ነው አለ። ማዘጋጃ ቤት ማስጠንቀቂያ ለጠፈበት፤ አባዬ በላዩ ላይ ቀለም ቀባበት። ጎረቤቶች ሽማግሌ ላኩ፤ አልሰማም። እኔም ስሙን በክፉ ያነሳውን ሁሉ ልክ ልኩን ነገርኩት። ትምህርቱን ጥዬ ወርክሾፕ ከገባሁ ወዲህ ምላሴ እንደ መጋዙ ተስሏል።

አንድ ቀን የፍርድ ቤት መልእክተኛ መጥሪያ ሰጠኝ። ላዩ ላይ “ሁከት ይወገድልን” ይላል። እማዬ እኔን ሁከት ብላ እንደምትጠራኝ ሰፈሩ ሁሉ ያውቃል። ደሜ ፈላ! የእንጨት ብናኝ እንደለበስኩ አንደኛ ከሳሽ የሆነችው ልብስ ሰፊዋ ጋ ከነፍኩ። ደንበኞቿ ፊት “እኔን ከሰፈር ልታስወግዱኝ ነው?” አልኳት። የያዘችውን መርፌ ከአፏ አውጥታ እስኪያስነባት ሳቀች። በፍርድ ቤት አማርኛ ሁከት ማለት ሰው የሚጠቀምበትን ቦታ መንካት ነው አለችኝ። “አንቺንማ የትኛው ዳኛ ይችልሻል!”

እፍረቴን ዋጥ አድርጌ ተመለስኩ።

ዳኛዋ ሥራው ባለበት ይቁም ብላ እግድ ሰጠች። አባዬ ግን በሩን ዘግቶ ውስጥ ውስጡን ቀጠለ። እማዬ እግድ ከጣስክ ያስሩሃል ብላ ለመነችው፤ ወይ ፍንክች። ልጮህበት በሩን በርግጄ ገባሁ። አንዲት እንጨት የለችም፣ እትዬ። ግድግዳው ያ አንቺ የምትወጂው ሰማያዊ ተቀብቷል። ጥጉ ላይ ዙሪያዋን ዘንግ ያላት ትንሽዬ አልጋ ቆማለች፤ እጅ እንዳትወጋ ጠርዟን በብርጭቆ ወረቀት አለስልሷል። የማን ናት ስለው “የደንበኛ” አለና ጆሮውን አሸ። ሲዋሽ ምን እንደሚያደርግ ታውቂያለሽ።

ዝም ብዬ ወጣሁ። እኔ! ዝም!

የችሎቱ ቀን አባዬ የያዘው ጠበቃ፣ ቦታው መንገድ ለመሆኑ ካርታ ይምጣ፣ ምን ይምጣ ብሎ ሊከራከር ተዘጋጅቶ ነበር። መጀመሪያ ልብስ ሰፊዋ ተነሳች።

“ክብርት ዳኛ፣ በዚያ መንገድ አሁን አምቡላንስ አይገባም። ነገ ምጥ የያዛት ሴት ብትኖር በየት ትውጣ?”

አባዬን አየሁት። ፊቱ አመድ መሰለ። ጠበቃው ሊነሳ ሲል ክንዱን ያዘው።

“አፈርሳለሁ” አለ። “ራሴ አፈርሳለሁ።”

ጠበቃው አበደ ብሎ ነው መሰለኝ ያየው። ጎረቤቱም አልገባውም። እኔ ግን ገባኝ።

ስናፈርስ የከሰሱን ሁሉ መጥተው ቆርቆሮ ያዙልን። አልጋዋን እንዳትቧጨር እኔ ተሸክሜ አወጣኋት። ልብስ ሰፊዋ አየቻት፤ እንደ ሌላ ቀን ቢሆን በጥያቄ ታደርቀኝ ነበር። ያን ቀን ምንም ሳትጠይቅ ከአንገቷ ሜትሯን አውርዳ የፍራሹን ልክ ወሰደች።

አሁን አልጋዋ እኔ ክፍል ናት። የኔን ወደ በሩ ገፋሁት፤ በመስኮቱ በኩል ለሌላ ትልቅ አልጋ ቦታ ተርፏል። ሰማያዊ ቀለምም ተርፎ ስለነበር እየቀባሁ ነው። ምንም አልጠየቅኩሽም፣ ምንም እንዳትመልሺልኝ። መንገዱ ግን ተከፍቷል። መኪና እስከ ደጃችን ይገባል።

ፈጣሪ ከያዘሽ ነገር ሁሉ በሰላም ያገላግልሽ።

ታናሽ እህትሽ፣
ያልተወገደችው ሁከት