ማባዛት የመደመር ታላቅ ነው

ቅዳሜ፣ ሜይ 4

ዛሬም የጎልማሶችን ክፍል ሒሳብ አስተማርኩ። የአንድ ቁጥር ሦስት እጥፍ ላይ ስድስት ቢደመር ሃያ አንድ ሆነ፤ ቁጥሩ ስንት ነው? ከኋላ ተነስቶ መፍታት ብቻ ነው። ስድስቱን ቀንስ፣ አሥራ አምስት። ለሦስት አካፍል፣ አምስት። ምኑ ይከብዳል? ውጭ የሚጭሩት ዶሮዎች ይገባቸው ነበር።

ሞቲቤዲ ሳይጠሩት ተነሳ። ያ ባለ ከብት ሽማግሌ። መጀመሪያ ሃያ አንድን ለሦስት አካፈለ፣ ሰባት። ከዚያ ስድስት ቀነሰ፣ አንድ።

"ማባዛት የመደመር ታላቅ ነው" አለ ዱላውን ተደግፎ። "ታላቅ ሳይወጣ ታናሽ በር ላይ አይጋፋም!"

ክፍሉ በሙሉ አምስትን አጥፍቶ አንድ ጻፈ። የልጆች አባት የሆነ ሰው ሁሉ! እኔስ? "ጥሩ ሐሳብ ነው አባቴ" አልኩ... ሰውየው ላገባት ያሰብኳት የኬኔይልዌ የእናቷ ወንድም ነው። አጎት እሺ ካላለ ልጅ አትዳርም። ሽማግሌዎቼ ደግሞ በወሩ መጨረሻ ሊጠይቁልኝ ይሄዳሉ።

ሰኞ፣ ሜይ 6

ኬኔይልዌን አማከርኳት። "ዝም በል በቃ። የክፍልህ ፈተና ያልፋል፣ የአጎቴ ቂም ግን አያልፍም።" ሳቀች። እኔ አልሳቅሁም።

ቅዳሜ፣ ሜይ 11

በዘዴ ልሞክር ብዬ መልሱን እናረጋግጥ አልኩ። አንድ ሦስት ጊዜ፣ ሦስት። ስድስት ሲደመር፣ ዘጠኝ። "ዘጠኝና ሃያ አንድ እኩል ናቸው እንዴ አባቴ?"

ሰሌዳውን በዱላው ጠቆመ። "ጥያቄው ተሳስቷል።"

ጥያቄው! ሰዉም "እውነት ነው" አለ። እኔም ጥያቄውን ከሰሌዳው አጠፋሁት። ፈተናው ላይ ሁሉም ይወድቃሉ። ይውደቁ! እኔ ሚስት ላግባ።

ቅዳሜ፣ ሜይ 18

ፈነዳሁ። ተማሪዬ ወይዘሮ ባሜ ተመሳሳይ ጥያቄ በትክክል ሠርታ ነበር፤ ሞቲቤዲ ዞር ብሎ ሲያያት አጠፋችው። አልቻልኩም።

"ተሳስተዋል አባቴ! ለመሆኑ ሸንጎ ላይ አለቃ መቼ ነው የሚናገረው?"

"መጨረሻ።"

"ታዲያ ማባዛቱም መጨረሻ ይፈታል! መደመሩ ኋላ የገባ ነው፣ ቀድሞ ይውጣ። ይሄ እኮ ጥጃ እንኳ ይገባዋል!"

ጥጃ... ምን አፌን ከፈተው? ሞቲቤዲ ባርኔጣውን አንስቶ ወጣ። አለቀልኝ።

እሑድ፣ ሜይ 26

ሽማግሌዎቼ ተመለሱ። ፊታቸው ያስታውቃል። የሷ ዘመዶች ሁሉ እሺ ብለው ነበር አሉ፤ ሞቲቤዲ መጨረሻ ተናገረ።

"ስለ ጥጃው?"

"ኧረ እሱንስ ሳቀበት" አለኝ ከሽማግሌዎቼ አንዱ የሆነው የራሴ አጎት። "ያለው ሌላ ነው። 'ይሄ ልጅ የናቀኝ ስህተቴን እያየ ጥሩ ሐሳብ ነው አባቴ ሲለኝ ነው። ነገ ልጃችን ስትሳሳትም እንዲሁ እያየ ዝም ይላታል። ከመከር በኋላ ይምጣ፣ እስከዚያ እናየዋለን።'"

ኬኔይልዌን ምን ልበላት?

ቅዳሜ፣ ጁን 1

ሞቲቤዲ ይቀራሉ ብዬ ነበር። ፊት ወንበር ላይ ተቀምጠው አገኘኋቸው።

የአንድ ቁጥር አራት እጥፍ ላይ ሦስት ቢደመር ሠላሳ አምስት። ሦስቱን ቀነሱ። ለአራት አካፈሉ። ስምንት። ሳልጠይቃቸው መልሰው አረጋገጡ። ክፍልፋይ ያለበት ላይ ግን ተሳሳቱ። ክፍሉ በሙሉ እኔን አየ።

"ተሳስተዋል አባቴ" አልኩ።

"የቱ ጋ?"

ጠመኔ ይዤ ሄድኩና አጠገባቸው ቆምኩ።