በየደቂቃው ሲምባል ለሚያስመቱት የስቱዲዮ ኃላፊ

የልጄ ዜማ አለፈ! ከመጪው ወር ጀምሮ የሬዲዮ ጣቢያው የጠዋት ዜና በልጄ ዜማ ይከፈታል! ይቅርታ ያድርጉልኝ፣ ደስታው ሰላምታዬን ቀደመው።

ለተከበሩ የወጣት ማዕከሉ የሙዚቃ ስቱዲዮ ኃላፊ፣

እንደምን ሰንብተዋል? ኮምፒውተሮችዎስ ተሻላቸው? እኔ በሴቶች የድምፅ ቡድን ከኋላ ቆሜ የምዘፍነው፣ እርስዎ «ለፍላፊዋ» የሚሉኝ ሴትዮ ነኝ፤ ዛሬም አላሳፍርዎትም፤ ምስጋናዬ ብዙ ስለሆነ በቁጥር አስቀምጬዋለሁ።

1. ክራክ የተደረገውን፣ ሳይከፈልበት እንዲሠራ ቁልፉ የተሰበረውን የሙዚቃ ማቀናበሪያ ፕሮግራም በፍላሽ ይዘው ለሠልጣኙ ሁሉ ሲያድሉ ያሳዩት ቸርነት ከልቤ አይወጣም፤ ሌላው የለፋበትን አንስቶ ቸር መባል ምን ያህል ቀላል እንደሆነ ያወቅሁት ከእርስዎ ነው። ያ ፍላሽ ከኮምፒውተር ኮምፒውተር ሲዞር ባየሁ ቁጥር ግን፣ ድፍረት አይሁንብኝና፣ አንድ የጥርስ ብሩሽ ሰፈሩን ሙሉ ሲዞር ያየሁ ይመስለኛል።

2. ፕሮግራሙ ያልተገዛ መሆኑን አልደብቅ ብሎ በየደቂቃው «ሽሽሽ» ሲል፣ እሱን ከማጥፋት ይልቅ ከበሮ መቺው ልክ በዚያች ቅጽበት ሲምባሉን፣ ያን የናስ ሳህን፣ እንዲመታበት ማዘዝዎ መቼም የሊቅ ሥራ ነው። ሕፃን ማስተኛ የዘፈንነው እሹሩሩ እንኳ አልተረፈም፤ ልጁ ዓይኑን ሊከድን ሲል ጧ!

3. ከሠልጣኞችዎ አንዷ የነበረችው ልጄ «የሰው ላብ ነው፣ አልነካም» ብላ፣ አምራቾቹ ራሳቸው በነፃ የፈቀዱትን፣ ስምንት ድምፅ ብቻ የሚይዘውን ትንሹን ፕሮግራም ከድረ ገጻቸው አውርዳ ስትሠራ፣ ሥራዋን አዳምጠው «ሲምባሉ የት ሄደ?» ብለው መጠየቅዎን ሳስታውስ እስከ ዛሬ እስቃለሁ። የማያስቀኝ ከዚያ በኋላ የመጣው ነው። ፍላሽዎ ያመጣው ቫይረስ የቡድናችንን ቅጂ ጠራርጎ ሲበላ፣ «እሷ ከውጭ ባስገባችው ፕሮግራም ነው» ብለው በልጄ ላይ ደፈደፉት፤ ከስቱዲዮ አስወጥተው፣ መታገዷን ጽፈው በሩ አጠገብ ባለው ሰሌዳ ለጠፉ። ስድስት ወር ሙሉ ለልምምድ ስገባም ስወጣም የልጄን ስም እዚያ አነባለሁ። ለዚህ አራተኛ ቁጥር የሚሆን ምስጋና ብፈልግ ብፈልግ አጣሁ፤ ያንገፈግፈኛል፣ ሌላ ቃል የለኝም።

ወደ ደስታዬ ልመለስ። ጣቢያው ዜማ ሲያወዳድር፣ የሠራችሁበት ፕሮግራም ፈቃድ በማን ስም እንደሆነ ጻፉ የሚል ቅጽ ሰጠ። ልጄ የራሷን ስም ጻፈች። እርስዎ ደግሞ የማዕከሉን ዜማ ሲያስገቡ፣ ስክሪኑ ላይ የባለፈቃድ ስም ተብሎ የሚታየውን እንዳለ ገልብጠው «ጥቁሩ ቁራ» ብለው ሞሉ። ውጤት በሚነገርበት ዕለት ዳኛዋ «ጥቁሩ ቁራ የሚባሉ አሉ?» ብለው ሲጣሩ፣ በሞላ አዳራሽ እጅዎን ያወጡት እርስዎ ነበሩ። ስሙ ፕሮግራሙን ክራክ ያደረገው ሌባ ለራሱ ያወጣው ቅጽል ስም መሆኑን ሲያስረዱዎት ያ እጅዎ ለመውረድ የፈጀበት ጊዜ፣ እግዜር ይይልኝ፣ ከአንድ ደቂቃ ይበልጥ ነበር፤ ሲምባል የሚመታልዎትም አልተገኘም።

እንግዲህ ጌታዬ፣ የማይደፈር ክብርዎን እየጠበቅሁ አንድ ነገር ብቻ እለምናለሁ፤ ያን የእገዳ ወረቀት ራስዎ ለጥፈውታልና ራስዎ ያንሱት።

የቸርነትዎ ሽታ ከአፍንጫዬ ያልጠፋልኝ፣
የታገደችው ልጅ እናት

ማሳሰቢያ፦ ለደስታችን ድምፅ ቡድኑ፣ ከበሮ መቺው፣ ጎረቤቱ ሁሉ ተጠርቷል፤ እርስዎም ቢቀሩ እቀየማለሁ። የጥሪ ካርድዎ ላይ በቅጹ ባስመዘገቡት ስም «ለክቡር ጥቁሩ ቁራ» ብያለሁ። ስጦታ አያስቡ፤ ያን ወረቀት ከሰሌዳው ነቅለው በእጅዎ ይዘው ለልጄ በሰው ፊት ይስጧት። የፊታችን ቅዳሜ፣ ከቀኑ ዘጠኝ ሰዓት፣ እኛ ግቢ፤ ማንም እንዳይቀር!