በካፋ የመጀመሪያው የፓፓያ ኳስ ተጫዋች

ቅዳሜ፣ ኅዳር 14

ኳስ በእጅ እየነካህ አስቸገርከን ብለው ከሰፈር ቡድን ያባረሩኝ አሰልጣኝ ጋሽ አሰፋ ዛሬ ጉድ አዩ። ቦንጋ ለማስተማር የመጣው አውስትራሊያዊ መምህር ፓፓያ የመሰለ ኳስ አምጥቶ የአገሩን ጨዋታ አጫወተን። በእጅ መያዝ ይፈቀዳል፤ እኔ የተፈጠርኩትም ለዚህ ነው። በአንዱ ተጫዋች ትከሻ ላይ ዘልዬ ኳሱን ቀለብኩና ለጎል በተተከሉት ረጃጅም እንጨቶች መሃል ለጋሁት። ጎል ሆነ፤ ኳሱ ግን አጥር ተሻግሮ ቡና ጭኖ ወደ ጅማ በሚሄድ መኪና ላይ አረፈና አብሮ ሄደ። ሌላ ኳስ ስለሌለ ጨዋታው በዚያው አበቃ።

"አንድ ጨዋታ፣ አንድ ጎል፣ ሽንፈት የለም። ጡረታ ወጥቻለሁ" አልኳቸው ጋሽ አሰፋን።

"ሰኞ ልምምድ ና። በረኛ ትሆናለህ" አሉኝ።

"አስብበታለሁ" አልኩ እየተጀነንኩ።

ጓንቱን ግን ከወዲሁ ተውሻለሁ።